ሳብ ሲደረግ የሚፈታ ቋጠሮ

«ሳብ ሲያደርገው ወዲያው እንዲፈታ አድርገሽ እሰሪለት፤ ካሜራ ፊት ከቋጠሮ ጋር እንዳይታገል» አለ ዳይሬክተሩ አኮሽ ከግድግዳው ወዲያ። ግድግዳ ይባል እንጂ ቀለም የተቀባ ስስ ጣውላ ነው፤ አንዱ ክፍል ያስነጠሰውን ሌላው «ይማርህ» ይለዋል። ሎራንት ጺሙን አጋምሶ ምላጩን እንደያዘ ቀጥ አለ። «ቬንዴል እጁ እንደሚታሰር አያውቅም፤ ማወቅም የለበትም። እኔ የምፈልገው ፊቱን ነው። ሲለማመድ የከረመውን ፊት አይደለም፣ እውነተኛውን። ሎራንት በሩን ይቆልፋል፣ ከረባቱን ያወልቃል፣ እጁን ወደ ኋላ ጠምዝዞ ያስራል፤ በቃ።» «ሎራንትስ ያውቃል?» የሚል የሴት ድምፅ ተከተለ። እህቱ ቦርባላ ናት። «ልንጀምር ስንል እነግረዋለሁ። ያንቺ ወንድም እንደሆነ የታዘዘውን የሚሠራ ሰው ነው፤ እሱን ለኔ ተይው» አለ አኮሽ። ከዚያ ቦርባላ «እሺ» አለች፤ የካውያው እንፋሎት እንደገና ሲተነፍስ ተሰማ።

ሎራንት የቀረውን ጺሙን ተላጨ። ምላጩ ከአገጩ ሥር ቆረጠው፤ ደሙን በወረቀት ይዞ ወንበሩ ላይ ተቀመጠ። የሚሠሩበት ፎቅ ድሮ የኢንሹራንስ ቢሮ ነበር። ኩባንያው ከከሰረ ወዲህ ባለቤቱ በቀን ያከራየዋል፤ በጥር ወር ደግሞ ማሞቂያው ስለማይሠራ ኪራዩ ይረክሳል። ቡዳፔስት ውስጥ እውነተኛ የአለቃ ጠረጴዛ፣ እውነተኛ የመዝገብ መደርደሪያና ከተማውን የሚያሳይ ሰፊ መስኮት ያለው ክፍል በዚህ ዋጋ አይገኝም፤ ስለዚህ አኮሽ የብርዱ ወር በመጣ ቁጥር ይህን ፎቅ ይዞ ፊልሙን በላይ በላዩ ያነሳል። ፊልሞቹ ለአዋቂ ብቻ የሚሸጡ፣ ወንድ ከወንድ ጋር የሚተኛባቸው ናቸው፤ የአኮሽ ድርጅት የሚታወቀው ግን በሱፍ ለባሾቹ ነው። የባንክ ሥራ አስኪያጅና ፀሐፊው፣ ጠበቃና ደንበኛው፣ ዋና ሐኪምና ረዳቱ። ሎራንት ከነዚህ ሁሉ በላይኛው ወንበር የሚቀመጠው ነው፤ ዛሬ የበታቹን የሚጫወተው ቬንዴል ነው። ጆሮ ግንዱ ላይ ያለው ሽበትና ከደረቱ የሚወጣው ድምፅ ለዚህ የተፈጠረ ይመስላል። ሰዉም «አለቃ» ብሎ ነው የሚጠራው፤ ከካሜራ ውጭም ቢሆን። ቤቱ ሲገባ ግን አከራዩን «ቧንቧውን ጠግንልኝ» ለማለት ሳምንት የሚያመነታ ሰው ነው።

ቦርባላ ሱፉን በክንዷ አንጠልጥላ ገባች። ከሱ በስድስት ዓመት ትበልጣለች። የቲያትር ቤት ልብስ ሰፊ ነበረች፤ ቲያትር ቤቱ ሲዘጋ ወደዚህ ያመጣት እሱ ራሱ ነው። ሥራውን ወዳዋለች፤ ምን ዓይነት ሥራ እንደሆነ ግን አንድም ቀን በአፏ ብላው አታውቅም። እናታቸው ዘንድ እሑድ ለምሳ ሲሰበሰቡ «ሎራንት ማስታወቂያ ይሠራል፣ እኔ ልብስ አዘጋጃለሁ» ትላለች፤ እናትየውም ሾርባውን እየጨለፈች «ማስታወቂያው እኮ በቴሌቪዥን አይታይም» ትላለች፤ ከዚያ ሦስቱም ሾርባቸውን ይጠጣሉ። ቦርባላ ሸሚዙን አለበሰችው፤ ሰደርያውን ቆለፈችለት፤ ኮቱን ከትከሻው ላይ አቃናች። የአለቃው ሱፍ ጥቁር ሰማያዊ፣ በልኩ የተሰፋ፣ አንድ ክር የማይዝረከረክበት ነው። የበታቹ ደግሞ በትከሻው አንድ ቁጥር ሰፋ ተደርጎ፣ እጅጌው ጣቱ ድረስ እንዲመጣ ሆኖ ይሰፋል፤ ከአባቱ የተዋሰው እንዲመስል። ካሜራው አለቃውን ከታች ወደ ላይ፣ የበታቹን ከላይ ወደ ታች ነው የሚያየው። አለቃው ጥቂት ይናገራል፤ ኮቱንም መጨረሻ ድረስ አያወልቅም። የአኮሽ ሕግ ነው፤ «ልብሱ ላዩ ላይ የቀረለት ሰው ጌታ ነው» ይላል።

ሎራንት ይህን ሕግ ይወደው ነበር። ወንድን የሚወድ ሰው መሆኑን ካወቀ ጀምሮ፣ ሥልጣን የሚባለውን ነገር ያየው ሌሎች በሱ ላይ ሲጠቀሙበት ነው፤ በትምህርት ቤት፣ በወታደር ቤት፣ በአባቱ ቤት። እዚህ ግን ሥልጣን የሚለበስና የሚወልቅ ነገር ሆነለት። የሚያዘው ሰው የሚያዘው ሌላው እስከፈቀደለት ድረስ ብቻ ነው፤ የተንበረከከው «በቃ» ካለ ጌታው እዚያው ያበቃለታል። ሁለት ሰዎች ይህን እያወቁ ሲጫወቱት ያምራል። ሎራንት ደግሞ ጎበዝ ነበር።

ቦርባላ ከረባቱን አንገቱ ላይ ጣለች። ሌላ ጊዜ ድርብ ቋጠሮ ነበር የምታስርለት፤ ዛሬ ጣቶቿ ሌላ መንገድ ሄዱ። ዓይኗን ከአንገቱ አላነሳችም። እሱም ጣሪያውን አየ። ትንፋሿ ጉንጩን ይነካዋል።

«ቆርጦሃል» አለች።

«ምላጩ ዶልዱሟል።»

በጣቷ ጫፍ የፊት ፓውደር ነክታ ቁስሉን ሸፈነችለት፤ ከዚያ ወጣች።

ጠዋት ሥራ ከመጀመሩ በፊት ሁሉም በአለቃው ጠረጴዛ ዙሪያ ተቀምጠው የሚሆነውንና የማይሆነውን ይነጋገራሉ። ደንብ ነው። አኮሽ ወፍራም ሹራብ ለብሶ፣ እርሳሱን በጆሮው ሰክቶ፣ እንደ ቤተ ዘመድ ሽማግሌ ፈገግ እያለ ይጠይቃል። ካሜራማኑ ኤርኖ ጥግ ላይ መነጽሩን ይጠርጋል። ቬንዴል ሰፊ ሱፉን ለብሶ እግሩን አጣጥፎ ተቀምጧል። ሠላሳ አንድ ዓመቱ ነው፤ ሥራውን አምስት ዓመት ሠርቶታል፤ ቀረጻ በሌለበት ቀን ደግሞ በአንድ ጂም ውስጥ ሽማግሌዎችን ዋና ያስተምራል። ቀልደኛ ነው። ዛሬም «ይህን ኮት ስለብስ አያቴ ከመቃብር ወጥቶ መልስልኝ የሚለኝ ይመስለኛል» ብሎ ሁሉንም አሳቀ። ስለ እጁ ሲናገር ግን አልቀለደም።

«የማይሆነው አንድ ነገር ነው። እጄ አይታሰርም። በገመድም በጨርቅም በምንም። ምክንያቱን አልናገርም፤ አትጠይቁኝ።»

«ማን ይጠይቅሃል!» አለ አኮሽ። «እጅህ ያንተ ነው። ቃሌ ነው።» አለና እጁን ዘርግቶ ጨበጠው። ሎራንት የተጨበጡትን ሁለት እጆች አየ። በሩ ሥር ቦርባላ የልብስ ብሩሽ ይዛ ቆማ ነበር፤ እሷም አየች። እህትና ወንድም ዓይን ለዓይን ተገጣጠሙ። የአንድ አፍታ ነገር ነው፤ እሱ ወደ መስኮቱ፣ እሷ ወደ ብሩሹ ዞሩ። በዚያች አፍታ ሎራንት እህቱ እሱ መስማቱን እንዳወቀች ገባው። ከጣውላው ወዲህ ምላጭ ሲገታ ከወዲያ ይሰማል።

ጠዋቱን ቀላል ቀላሉን ሲያነሱ አረፈዱ፤ ቬንዴል በሊፍት ሲወጣ፣ ፀጉሩን በመስታወት ሲያስተካክል፣ አለቃው በስልክ ሲቆጣ። ምሳ ኮሪደር ላይ ነበር፤ የባቄላ ሾርባ ከነትኩስ ዳቦው፣ በላስቲክ ሳህን። ቬንዴል ሱፉን እንዳያበላሽ ፎጣ አንገቱ ላይ አስሮ ከሎራንት ጎን መሬት ላይ ተቀመጠ። የቤት ኪራይ እንደጨመረበት አወራ፤ የዋና ተማሪዎቹ አንዷ የሰባ ዘጠኝ ዓመት አሮጊት «አንተን ለማየት ነው የምመጣው፤ ዋናውንማ ድሮ ነው የተውኩት» እንዳለችው አወራ። ሎራንት ሾርባውን እያማሰለ ሳቀ። ከዚያ ቬንዴል ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ደስ ያለኝ ካንተ ጋር መሆኑ ነው፣ አለቃ። አንዳንዱ እኮ ሱፍ ሲለብስ እውነት ይመስለዋል። አንተ እጅህን ከማሳረፍህ በፊት በዓይንህ ትጠይቃለህ። ማንም አያየውም፤ ካሜራም አያየውም። እኔ አየዋለሁ።»

ሎራንት ማንኪያውን አስቀመጠ። «ስማ ቬንዴል» ብሎ ለመጀመር አፉን ከፈተ። በዚያው ቅጽበት አኮሽ ከክፍሉ ብቅ ብሎ «አለቃዬ፣ አንዴ ላናግርህ» አለው። ሎራንት ተነሣ። ቆይ ልጨርስ ማለት ይችል ነበር። አላለም።

አኮሽ ወደ መስኮቱ ወስዶ ክንዱን በትከሻው ላይ ጣለ። የሚነግረውን ሎራንት አስቀድሞ ሰምቶታል፤ ሆኖም እንደ አዲስ አዳመጠ። የአኮሽ እርሳስ ጠረጴዛውን መታ ሲያደርግ ምልክት ነው፤ ከረባቱ ይወልቃል፣ የቬንዴል እጅ ይታሰራል። «ከታሰረ በኋላ ይገባዋል፣ ይስቃልም። አምስት ዓመት የሠራ ሰው ነው፤ ጨቅላ አይደለም። ገዢው የተለማመደ ፍርሃት ሰልችቶታል፣ ወንድሜ፤ ሁሉም እየፈራ ያስመስላል። እኔ ለሁላችንም እንጀራ ነው የምፈልገው፤ ለእህትህም ጭምር።» የመጨረሻዋን ቃል ለስለስ አድርጎ ነው የተናገራት። ሎራንት ከታች በረዶ የሚዝቁትን የጽዳት ሠራተኞች ተመለከተ። እሺም አላለም፣ እንቢም አላለም። አኮሽ ዝምታውን እንደ እሺታ ቆጥሮ ጀርባውን መታ መታ አደረገውና ሄደ። ልክ ነበር፤ ዝም ያለ ሰው እሺ ብሏል።

ከቀኑ ስምንት ሰዓት ላይ መብራቱ ተስተካከለ። ሎራንት ከጠረጴዛው ጀርባ ተቀመጠ፤ ቬንዴል ፊት ለፊቱ ቆመ፤ ሰፊው ኮት ከትከሻው ተንሸራቶ እጆቹን ውጦአቸዋል። ኤርኖ ካሜራውን ዝቅ አደረገ። ቦርባላ ጨርቅ ለመቁረጥ የምትይዘው መቀስ በአንገቷ ላይ ተንጠልጥሎ ከካሜራው ጀርባ ቆማለች፤ እንደ ደንቡ ቁልፍ ከተበጠሰ ለመስፋት። አኮሽ «ጀምሩ» አለ።

«ሪፖርቱ ዘገየ» አለ ሎራንት በዚያ በሚታወቀው ድምፁ።

«ጥፋቱ የኔ ነው፣ ጌታዬ።»

«የማን ይሆናል ታዲያ?» ተነሣ። በቀስታ ጠረጴዛውን ዞረ። በሩን ቆለፈ፤ ቁልፉ ቀጭ ሲል ቬንዴል ትከሻውን ሸምቀቅ አደረገ፤ ይህ በስምምነቱ ውስጥ ያለ ነው። ሎራንት ቀረበውና የኮቱን ኮሌታ አቃናለት፤ በዓይኑ ጠየቀው፤ ቬንዴል በዓይኑ ፈቀደለት። ኮቱ ወለሉ ላይ ወደቀ። ሁለቱም ሥራቸውን ያውቃሉ፤ ክፍሉ ጸጥ ብሏል፤ የመብራቱ እዝዝታ ብቻ ይሰማል። የአኮሽ እርሳስ ጠረጴዛውን መታ አደረገ።

የሎራንት እጅ ወደ አንገቱ ሄደ። በኋላ ስንት ጊዜ እንዳሰበው፣ እጁን ማንም አልገፋውም፤ በራሱ ሄደ። ሳብ ሲያደርገው ከረባቱ እንደ ውሃ ፈሶ መዳፉ ላይ ወደቀ። በሌላ እጁ የቬንዴልን የእጅ አንጓ ያዘ። ወደ ኋላ ጠመዘዘው። ከረባቱን አንድ ጊዜ ጠመጠመ።

ቬንዴል መጀመሪያ አልገባውም። ከዚያ ወደ ኋላ ዞሮ ጨርቁን አየ። ፊቱ ላይ የሆነውን ሎራንት ከዚያ በፊት በማንም ላይ አይቶት አያውቅም። ጩኸት አልነበረም፤ ትግልም አልነበረም። ሰውዬው ከፊቱ ውስጥ ወጥቶ የሄደ ያህል ነው፤ ከንፈሩ ነጣ፣ ዓይኑ ሎራንትን እያየ ሎራንትን አያይም። «አይሆንም» አለ፤ ድምፁ የትንሽ ልጅ ይመስል ነበር፤ «አይሆንም፣ አይሆንም።»

«ቀጥል» አለ አኮሽ በሹክሹክታ። «ግሩም ነው፣ ቀጥል።»

ሎራንት ለቀቀው። ጨርቁን ከእጁ አንጓ ላይ ፈታና ወረወረው፤ ሁለት እጆቹን ወደ ላይ ከፍ አድርጎ ወደ ኋላ አፈገፈገ። «አቁሙ» አለ። ማንም አልተንቀሳቀሰም። «አቁሙ ብያለሁ! ካሜራውን አጥፋ፣ ኤርኖ!»

ቬንዴል ጠረጴዛውን ተደግፎ መሬት ላይ ቁጭ አለ። አንጓውን እያሻሸ ረዥም ጊዜ ተነፈሰ። ሎራንት ውሃ ሊሰጠው ጎንበስ ሲል እጁን ገፋው። ከዚያ ቀና ብሎ አየው፤ አሁን ፊቱ ውስጥ ተመልሶ ነበር።

«ከመቼ ጀምሮ ነው የምታውቀው?»

ሎራንት መዋሸት ይችል ነበር። «ከጠዋት ጀምሮ» አለ።

«ምሳ ስንበላም?»

«አዎ።»

«ያን ሁሉ ስነግርህም?»

«አዎ።»

ቬንዴል ራሱን ነቀነቀ። «አኮሽን አውቀዋለሁ» አለ። «አኮሽ ነጋዴ ነው፤ ከሱ ራሴን እጠብቃለሁ። ካንተ ግን አልጠበቅሁም።» ጠረጴዛውን ይዞ ተነሣና ወደ ኤርኖ ዞረ። «አጥፋው። ያነሣኸውን አጥፋው።»

አኮሽ ግን ትንሿ ስክሪን ላይ ተደፍቶ ነበር። ምንም አልተቆጣም። እንዲያውም ፊቱ በርቷል። «ሎራንት፣ ና እየው» አለ። «አላበላሸኸውም። ተገኘ! ይኸውልህ፣ ይቺን ሁለት ደቂቃ አስር ዓመት ፈልጌያታለሁ። ካቆምክበት ላይ እንቆርጠዋለን፤ የቀረውን ከሌላ ሰው ጋር ከጀርባ እናነሣለን።» ወደ ቬንዴል ዞሮ በደግነት ድምፅ «ጎበዝ፣ አሁን ተናደሃል፤ ነገ ስታየው ትኮራበታለህ» አለው። ቬንዴል «አጥፋው» አለ። አኮሽ «የፈረምከውን ታውቃለህ፤ የተቀረጸ ሁሉ የድርጅቱ ነው» አለ። ሎራንት «አኮሽ፣ ቃል ሰጥተኸው ነበር» ሲለው፣ ዳይሬክተሩ ለመጀመሪያ ጊዜ ፈገግታውን አጣ፤ «ቃልማ ሰጠሁ» አለ፤ «እጁን የያዝከው ግን አንተ ነህ። ፊልሙ ላይ የሚታየው ያንተ እጅ ነው።» እውነት ነው።

«ካርዱን አውጣና ኮምፒውተር ላይ ጫነው» አለ አኮሽ። ኤርኖ ከካሜራው ሆድ ቀረጻው ያለባትን ጥፍር የምታክል ካርድ አወጣ፤ መዳፉ ላይ አድርጎ ግን አልሄደም። ሽማግሌ ሰው ነው፤ ከቬንዴል የሚበልጡ ልጆች አሉት። እዚያው መዳፉን ዘርግቶ እንደ ለማኝ ቆመ፤ ማንን እንደሚጠብቅ እሱም አያውቅም። ቦርባላ ከካሜራው ጀርባ መጣች። ሰዉ የወደቀውን ኮት ልታነሳ የመጣች ነው የመሰለው። ኮቱን ተራመደችው። ካርዱን ከኤርኖ መዳፍ ላይ አነሣች፤ ኤርኖ መዳፉን አልጨበጠም። ያን መቀስ ከጨርቅ በቀር ሌላ ነገር አስነክታው አታውቅም፤ ወረቀት እንኳ የቆረጠበትን ሰው ትጣላለች። ካርዱን ሁለት ቦታ ቆረጠችው። ድምፁ የጥፍር መቁረጫ ድምፅ ይመስላል።

«አብደሻል?» አለ አኮሽ። «የጠዋቱም ሥራ እዚያው ላይ ነበር! የቀኑ ኪራይ፣ የመብራቱ፣ የሰዉ... አንቺ ሴትዮ፣ ምን እንደሠራሽ ታውቂያለሽ?»

«አውቃለሁ» አለች ቦርባላ። «የማላውቀው ጠዋት እሺ ስል ነበር።»

ቬንዴል ቁርጥራጮቹን ከጠረጴዛው ላይ ለቅሞ ኪሱ ከተተ። የራሱን ጃኬት አጠለቀ። ለቦርባላ ምንም አላላትም፤ አለፍ ሲል ብቻ በጭንቅላቱ ሰላም አላት። ሎራንትን አላየውም፤ የተቆለፈውን በር ራሱ ከፍቶ ወጣ። እርምጃው ደረጃውን ሲወርድ ረዥም ጊዜ ይሰማ ነበር፤ ሊፍቱን አልጠበቀም። ከዚያ የአኮሽ ስድብ ቀጠለ፤ ሁለታችሁም ዛሬውኑ ትወጣላችሁ፣ ዳግመኛ በዚህ ከተማ ውስጥ አትሠሩም እያለ። ቦርባላ ካውያዋን ነቅላ ገመዱን ጠቀለለች። የራሷ ነው፤ ከቲያትር ቤቱ ያመጣችው።

ውጪ መሽቶ አልነበረም፤ ነገር ግን የጥር ሰማይ ከአሥር ሰዓት ጀምሮ ይጠቁራል። ትራም ፌርማታው ላይ እህትና ወንድም ጎን ለጎን ቆሙ። ካውያው በላስቲክ ከረጢት ውስጥ ገና እንደሞቀ ነው፤ ቦርባላ ከሆዷ ጋር አቅፋ ይዛዋለች። አንዲት ሴት ከልጇ ጋር በረዶ ላይ እንዳይንሸራተቱ ተያይዘው አለፉ። ቦርባላ «እሑድ እማማ ዘንድ ምን እንላለን?» ብላ ጠየቀች። ሎራንት «ማስታወቂያው ቆመ እንላለን» አለ። አልሳቁም። ከጎዳናው ጫፍ የትራሙ መብራት ብቅ አለ፤ ሎራንት ትራሙ ሳይደርስ ሊጠይቃት ፈለገ።

«ጠዋት ስታስሪልኝ» አለ፤ «የማደርገው መስሎሽ ነበር?»

ቦርባላ ፊቱን አላየችም። እዚህ ሥራ ከገባች ወዲህ ስድስት ዓመት ሙሉ በየጠዋቱ አልብሳዋለች፤ ከዚያም በፊት ሕፃን ሳለ። ትራሙ እየጮኸ ሲቆም በሩ ፊታቸው ተከፈተ።

«አዎ» አለች። «የምታደርገው መስሎኝ ነበር።»

«እኔም» አለ ሎራንት፤ እጇን ይዞ ደረጃውን አወጣት።